መጋረጃ ያስቸገሩ መስኮቶች፦ የአንድ ቤት የጉዳይ ጥናት

ቤቱ አዲስ አበባ፣ ሲኤምሲ አካባቢ ያለ ጂ ፕላስ ዋን ነው። ባልና ሚስት፣ ዓመት ያለፈው ልጃቸውና የባልየው እናት ይኖሩበታል። የገዙት አልቆ ነው፤ አሠራሩ ላይ እጃቸው የለበትም። የቀድሞው ባለቤት መስኮት ይወድ ነበር መሰለኝ። ሳሎኑ ሁለት ቅስት መስኮቶች አሉት። ደረጃው ላይ ከታች እስከ ላይ የሚዘልቅ ቀጭን መስኮት አለ። ፎቅ ላይ፣ ኮሪደሩ ጫፍ፣ አንድ ክብ መስኮት አለ። ዋናው መኝታ ቤት ደግሞ እንደ ጣሪያው ያዘመመ መስኮት አለው። የቀሩት አራት ማዕዘን ናቸው፤ ስላላስቸገሩን እዚህ አላነሳቸውም።

እኔ ከመጠራቴ በፊት አንድ የመጋረጃ ሱቅ ባለሙያ ልኮ አስለክቶ ነበር። የሰጣቸው ሐሳብ ቀላል ነው፦ ሁሉም መስኮት በአንድ ዓይነት ጨርቅ ይሸፈን። ቅስቶቹ እንደ ማራገቢያ በተሸበሸበ ጨርቅ፣ ደረጃው ከአራት ሜትር በላይ በሆነ ከፋይ፣ ያዘመመው መስኮት ባዘመመ ዘንግ፣ ክቡም በራሱ ክብ ፍሬም። ዋጋው ከሶፋቸው በለጠ። ሚስትየው ስትደውልልኝ ያለችኝ ይሄ ነው፦ «ገንዘቡ ይውጣ ከተባለም ይውጣ፤ ግን የቱ ትርፍ ነገር እንደሆነ ንገሪን።»

እንደ እኔ ግማሹ ትርፍ ነበር። ምክንያቱን ለማየት ግን ከጨርቁ በፊት መስኮቱን መጠየቅ ያስፈልጋል። እያንዳንዱ መስኮት ሥር ቆመን አንድ ጥያቄ ብቻ ጠየቅኳቸው፦ «ይሄኛው ምን አስቸገራችሁ?» መልሱ ፀሐይ ሊሆን ይችላል። የሰው ዓይን ሊሆን ይችላል። እንቅልፍ ሊሆን ይችላል። «ባዶ ሲሆን ያስጠላኛል» ማለትም መልስ ነው፣ አልንቀውም። ብቻ ለእሱ ሲባል ብዙ ገንዘብ አይውጣ።

ሳሎኑ

ሁለቱ ቅስቶች ወደ ምዕራብ ያያሉ። ስፋታቸው 1.80 ሜትር ነው። የሚከፈተው አራት ማዕዘን ክፍል ከወለሉ 2.10 ሜትር ላይ ያልቃል። ከዚያ በላይ 6 ሳንቲ ሜትር የሆነ አግድም ብረት አለ፤ ከብረቱ በላይ የማይከፈተው ቅስት ይጀምራል። የቅስቱ አናት 2.70 ላይ ነው። ከፊት ለፊት የግቢው አጥር ስላለ ከመንገድ የሚያይ የለም። የዚህ ክፍል ችግር የማታ ፀሐይ ብቻ ናት።

አዲስ አበባ ከምድር ወገብ በስተሰሜን 9 ዲግሪ ገደማ ላይ ናት። ቀትር ላይ ፀሐይዋ ከአናታችን ብዙም አትርቅም፤ በመስኮት ገብታ የምታስቸግረው ጠዋትና ማታ ነው። የምሥራቅና የምዕራብ መስኮት ስላለው ቤት ስንነጋገር ይሄ ዋናው ነገር ነው። ከተማችን ከባሕር ጠለል በላይ ከ2,300 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ ስለሆነችም የፀሐይዋ ጨረር ጠንካራ ነው። ጨርቅ ቶሎ ያነጣል። የሶፋውን ልብስ ቀለም ከሁለት ዓመት በኋላ ያየ ሰው ያውቀዋል።

ባልየው የሚቀመጥበት ወንበር ከመስኮቱ 3.5 ሜትር ይርቃል። ተቀምጦ ሲያይ ዓይኑ ከወለሉ 1.10 ሜትር ገደማ ነው። አሁን ትንሽ ሒሳብ። በቅስቱ አናት በኩል ፀሐይ ዓይኑ ውስጥ መግባት የምትጀምረው ከአድማስ በላይ 25 ዲግሪ ገደማ ላይ ስትሆን ነው። 16 ዲግሪ ላይ ስትደርስ ደግሞ ከቅስቱ ወርዳ በአራት ማዕዘኑ በኩል ትገባለች። በጥር ወር ይሄ ከ10 ሰዓት ተኩል እስከ 11 ሰዓት ከሩብ አካባቢ ነው። አርባ ደቂቃ ገደማ መሆኑ ነው። ከ11 ሰዓት ከሩብ እስክትጠልቅ ድረስ ያለው ሁሉ የታችኛው ክፍል ጣጣ ነው። እሱን ማንኛውም ተራ መጋረጃ ይመክተዋል።

እንግዲህ የማራገቢያው ሽብሽብ የሚገዛው ለእነዚህ አርባ ደቂቃዎች ነው። ያውም ሰማዩ ጥርት ባለበት በበጋ። የቅስቱ ዙሪያ ወደ 2.30 ሜትር ይሆናል። ሽብሽቡ እንዲያምር እጥፍ ጨርቅ ይፈልጋል፤ ማለትም 4.60 ሜትር። ያ ሁሉ ጨርቅ ታች መሀል ላይ አንድ ቦታ ይሰበሰባል። እዚያ ቋጠሮ ላይ የሚጠራቀመውን የሲኤምሲን የበጋ አቧራ አስቡት። ለማጠብ መሰላል፣ ለመመለስ ደግሞ ባለሙያ።

ያም ሆኖ በሒሳብ ብቻ አልወሰንንም። ሁለቱንም ቅስቶች በጋዜጣ ሸፈንናቸው። አዲስ ቤት የገባ ሰው ሁሉ የሚያደርገው ነው፤ ቤተሰቡ ግን መጋረጃ እስኪመጣ ሳይሆን ለሙከራ አደረገው። በሳምንቱ ሚስትየው ራሷ ቀደደችው። «ሳሎኑ ጓዳ መሰለ» አለች። ይሄ የሆነው በበጋ ነው። ደመናው ሲከብድና መብራት ሲጠፋ፣ በሐምሌ፣ ከላይ የሚገባው ብርሃን ምን ያህል እንደሚያስፈልግ ለማንም አይጠፋውም። ቅስቱ ባዶውን እንዲቀር ተስማማን። የባልየው ወንበር ፊቱን ወደ ጎን አዞረ።

በነገራችን ላይ ቅስቱ የዚያ ሳሎን ምርጥ ነገር ነው። ግንበኛው ተጨንቆ ያወጣውን ቅርጽ በጨርቅ መቅበር አይታየኝም። ይሄ የእኔ ምርጫ ነው፤ የሚቃወመኝ ሰው አይጠፋም።

የቀረው ዘንጉን የት እንሰቅላለን የሚለው ነበር። መስኮቱን ሙሉ በሙሉ መሸፈን ለሚፈልግ ቀላሉ መንገድ ይሄ ነው፦ ከቅርጹ በላይ ግድግዳ ካለ፣ እዚያ ቀጥ ያለ ዘንግ ሰቅሎ ቅርጹን መርሳት። እኛ ግን ቅስቱን ማትረፍ ስለፈለግን ዘንጉን በአግድም ብረቱ ትይዩ፣ 2.14 ሜትር ላይ አደረግነው። ሲያዩት ዘንጉና ብረቱ አንድ ነገር ይመስላሉ።

እዚህ ጋ ነው ሥራው የከበደው። የመስኮቱ መዝጊያዎች ወደ ውስጥ ይከፈታሉ፤ ውጭ የሌባ መከላከያ ብረት አለ። ስለዚህ መጋረጃው ሲከፈት ተሰብስቦ ከመስኮቱ ሙሉ በሙሉ መውጣት አለበት። ካልወጣ መዝጊያው በተከፈተ ቁጥር ጨርቁን ይገፋዋል። ገበር ያለው ጨርቅ ሲሰበሰብ በየጎኑ 35 ሳንቲ ሜትር ያህል ቦታ ፈለገ። ዘንጉ እንግዲህ 2.50 ሜትር ሆነ። መሀሉ ላይ መስታወት እንጂ ግድግዳ የለም። በሁለት ጫፍ ብቻ የተያዘ ቀጭን ዘንግ ይሄን ክብደት ተሸክሞ ሳይጎብጥ አይከርምም።

ሁለት አማራጭ ነበረን። አንዱ በያጅ ጋ ሄዶ ወፈር ያለ ቱቦላሬ (ውስጡ ባዶ የሆነ ብረት) ማስቆረጥና ጥቁር ማስቀባት ነው። ሁለተኛው መሀሉን በአግድም ብረቱ ላይ መያዝ ነው። ሁለተኛውን መረጥን። አንዲት ትንሽ መያዣ በብረት ቡሎን ታሰረች። ቀለበቶቹ በእሷ ማለፍ አይችሉም። ግን መጋረጃው ከሁለት ስለተከፈለ፣ ግራው ወደ ግራ፣ ቀኙ ወደ ቀኝ ይሄዳል። ማለፍ አያስፈልጋቸውም።

የጎኖቹ መያዣዎች ሌላ ራስ ምታት አመጡ። መጀመሪያ የመጣው ሠራተኛ እንደ ልማዱ በድሪል በስቶ ታሰሎ (ብሎን የሚይዝ ፕላስቲክ) ከተተና ሄደ። ግድግዳው ግን ብሎኬት ነው፤ ውስጡ ባዶ። በሦስተኛው ቀን አንዱ መያዣ ከነልስኑ ተነቅሎ መጣ። ከቅስቱ በላይ ኮንክሪት አለ፣ ጎኑ ላይ የለም። ሁለተኛው ሠራተኛ ለባዶ ብሎኬት የሚሆነውን፣ ከውስጥ የሚከፈተውን ዓይነት ማያያዣ ይዞ መጣ። ሥራው አልተደገመም። ቤታችሁን ማን በምን እንደገነባው ሳትጠይቁ ድሪል አታስነሱ።

ጨርቁ በአጭሩ ይሄ ነው። የመጋረጃ ጨርቅ ብዙ ጊዜ የሚመጣው 2.80 ሜትር ወርድ ባለው ጥቅል ነው። ወርዱን ወደ ቁመት አዙረን ተጠቀምንበት። እጥፋትና ቅምቅማትን ጨምሮ የሚያስፈልገን ቁመት 2.35 ነበር፤ ስፌት መቀጠል አላስፈለገም። ለአንድ መስኮት የዘንጉ እጥፍ 5 ሜትር፣ ለጠርዝ ሲጨመር 5.20። ለሁለቱ 10.40 ሜትር። ከላይ የተቆረጠው 45 ሳንቲ ሜትር ትርፍ ጨርቅ የትራስ ልብስ ሆነ። ገበሩ አቡጀዲ ነው። አቡጀዲ ስለሚሰበሰብ ሳይቆረጥ በፊት ታጥቦ ተተኮሰ። መጋረጃ ሰፊው «ምን ያስቸኩላል፣ በኋላ ይታጠባል» ብሎ ነበር። በኋላ ቢታጠብ ኖሮ ገበሩ ሽቅብ ይሸሽና ዋናው ጨርቅ እንደ ከረጢት ይንጠለጠል ነበር።

መኝታ ቤቱ

ከሁሉም የከበደን ይሄ ነው። መስኮቱ ወደ ምሥራቅ ያያል። ስፋቱ 1.60 ሜትር ነው። በግራ በኩል ቁመቱ 1.40፣ በቀኝ 2.20 ነው። አናቱ ከጣሪያው ጋር አብሮ ያዘምማል። ከላዩ ግድግዳ የለም፤ መስኮቱ ሲያልቅ ኮርኒሱ ይጀምራል። ስለዚህ «ከላይ ሰቅሎ መርሳት» የሚባለው እዚህ አይሠራም።

ችግሩ እንቅልፍ ነው። ሕፃኑ እዚያው ነው የሚተኛው። አገራችን ዓመቱን ሙሉ ከ12 ሰዓት ብዙም ሳትርቅ ትነጋለች። ብርሃን ፊቱ ላይ ሲያርፍ ልጁ ይነሳል፣ ቤቱም ከእሱ ጋር ይነሳል። ይሄኛውን ባዶ መተው አልተቻለም።

ያዘመመ ዘንግ ሲሉ ጥሩ ይመስላል። ሰፊው ራሱ ነው የመለሰን፦ «እህቴ፣ ዘንጉን ካዘመምሽው መጋረጃው ለብቻው ቁልቁል ይወርዳል።» እሱ ትክክል ነው። ሌላም ነገር አለ። ጨርቁ እንደ መስኮቱ ተቆርጦ በግራ 1.40፣ በቀኝ 2.20 ቢሆን፣ ሲዘጋ ልክ ይሆናል። ሲከፈትስ? ወደ ከፍተኛው ጎን ብትሰበስቡት አጭሩ ጨርቅ ወደ ላይ ይወጣና ጫፉ አየር ላይ ይቀራል። ወደ ዝቅተኛው ብትሰበስቡት ረጅሙ ጨርቅ 80 ሳንቲ ሜትር ወለሉ ላይ ይጎተታል። ስትዘጉት ብቻ የሚያምር መጋረጃ ነው። ቀን ቀን የምታዩት ግን ተከፍቶ ነው።

መፍትሔው መስኮቱን ለሁለት መክፈል ሆነ። ታች 1.40 ቁመት ያለው አራት ማዕዘን ይቀራል። ላይ ሦስት ማዕዘን ይቀራል፤ ታቹ 1.60፣ ከፍታው 80 ሳንቲ ሜትር። አራት ማዕዘኑ እንደማንኛውም መስኮት ቀጥ ያለ ሀዲድ ወጣለት። በግራ በኩል ኮርኒሱ ስለሚዘቀዝቅ ሀዲዱን ወደዚያ ማስረዘም አይቻልም። ስለዚህ መጋረጃው አንድ ብቻ ሆኖ ሙሉውን ወደ ቀኝ ይከፈታል። ለዓይን ትንሽ ያደላል። ለምደውታል።

ሦስት ማዕዘኑ አይከፈትም አይዘጋም። አናጢው ከቀጭን ጣውላ ፍሬም ሠራ፤ ጨርቅ ተወጠረበት። ወደ መስታወቱ የሚያየው ፊት ነጭ አቡጀዲ ነው፤ የጠዋቱን ፀሐይ እንዲመልስ። ወደ ክፍሉ የሚያየው ከታችኛው መጋረጃ ጋር አንድ ዓይነት ጨርቅ ነው። መሀላቸው ብርሃን የማያሳልፍ ጥቁር ጨርቅ አለ። ፍሬሙ በቬልክሮ ስለተያዘ ለእጥበት ይወርዳል። ከመስታወቱ 3 ሳንቲ ሜትር ራቅ እንዲል አደረግነው። በክረምት መስታወቱ ያልበዋል፤ ጨርቅ ከተጠጋው ይሻግታል።

ልኬቱ ላይ ትንሽ ልቆይ፤ ቅርጹ ወጣ ያለ መስኮት ላይ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ነው። በሜትር ብቻ የተለካ ሦስት ማዕዘን አይታመንም። ማዕዘኑ ዘጠና ዲግሪ የሚመስለው ልስኑ ስላሳመረው ነው። እኛ ጋዜጣዎችን በፕላስተር አያይዘን መስኮቱ ላይ ለጠፍናቸው፤ ጠርዙን በጣት እየጫንን በእርሳስ አሰመርን። ቆርጠን ስናየው የቀኙ ማዕዘን ወደ ውጭ 2 ሳንቲ ሜትር ገደማ ያፈነገጠ ነበር። ሌላው ወረቀቱ ላይ «ወደ ክፍሉ» ብሎ መጻፍ ነው። ወረቀቱ ከተገለበጠ አናጢው የሚሠራው የመስታወት ምስሉን ነው። አንዱ ፊት ነጭ፣ አንዱ ፊት ባለቀለም የሆነ ፍሬም ደግሞ ተገልብጦ አይገባም። ቅስቶቹንም በወረቀት ብናወጣቸው ጥሩ ነው ብዬ አሰምሬያቸው ነበር፤ ሁለቱ መንታ ናቸው ሲባሉ አንዱ በአንድ ጎኑ 3 ሳንቲ ሜትር ተንጋዷል። መሸፈኛ ቢሰፋላቸው ኖሮ አንዱ ላይ ክፍተት ይወጣ ነበር።

ደረጃው

ቁመቱ 4.20፣ ስፋቱ 90 ሳንቲ ሜትር ነው። ወደ ሰሜን ያያል። ፀሐይ አያስቸግርም፦ የቀትር ፀሐይ በሰሜን በኩል የምትሆነው ከሚያዝያ መጀመሪያ እስከ ነሐሴ ማብቂያ ገደማ ነው፤ ያኔም ቀትር ላይ ከ75 ዲግሪ በታች አትወርድም፤ ግማሹ ጊዜ ደግሞ ክረምት ነው። ችግሩ የሰው ዓይን ነው። ጎረቤት ጂ ፕላስ ስሪ እየተሠራ ነው። ማታ መብራት በርቶ ደረጃ የሚወጣ ሰው ከዚያ ቁልጭ ብሎ ይታያል።

የከፋይ መጋረጃውን ነገር ቶሎ ተውነው። የጥቅሉ ወርድ 2.80 ስለሆነ ለ4.20 ቁመት መቀጠል አለበት። ደረጃ ላይ መሰላል ማቆምም የሚመከር አይደለም። ባልየው አንጸባራቂ ፊልም ፈልጎ ነበር፤ ከውጭ መስታወት የሚመስለውን። ፊልሙ የሚሠራው ግን ብርሃኑ በሚበዛበት በኩል ነው። ቀን ውጭ ስለሚበራ ከውጭ አያሳይም። ማታ ውስጥ መብራት ሲበራ ነገሩ ይገለበጣል፤ እናንተ ውጭውን አታዩም፣ ውጭ ያለው ያያችኋል። አዲስ አበባ ውስጥ ሰማያዊና አረንጓዴ አንጸባራቂ መስታወት ያስገባ ሰው ይሄን ያወቀው ማታ ከግቢው ቆሞ ቤቱን ሲያይ ነው።

የመረጥነው ጉም የመሰለውን ነጭ ስቲከር ነው። ብርሃን ያሳልፋል፣ ምስል ግን ያደበዝዛል። መስታወቱ በምላጭ ተፍቆ ይጸዳል፤ ጥቂት ሳሙና የገባበት ውኃ ይረጫል፤ ከዚያ ይለጠፋል፤ ውኃው በላስቲክ እየተገፋ ይወጣል። አቧራ ሲነሳ መለጠፍ አያዋጣም፤ እያንዳንዷ ቅንጣት ነጥብ ሆና ትቀራለች። ሰው መስታወቱን ተጠግቶ ከቆመ ጥላው ይታያል። ለደረጃ ይሄ ይበቃል፤ ለመታጠቢያ ቤት አልመክረውም።

የት ድረስ እንለጥፍ የሚለውን የወሰነው ባልየው ነው። ግንባታውን የሚጠብቀውን ዘበኛ አስፈቅዶ ማታ ወጣ፤ እኛ መብራት አብርተን ደረጃው ላይ ተመላለስን። ከሁለተኛው ፎቅ የመስኮቱ አናት በኩል የሚታየው ኮርኒስ ብቻ ነበር። ከመጨረሻው ፎቅ ግን የላይኛው ደረጃ ይታያል። ስለዚህ ከደረጃው ማረፊያ እስከ መስኮቱ አናት 3.10 ሜትር ተለጠፈ። ከማረፊያው በታች ያለው 1.10 ሜትር ባዶውን ቀረ፤ የሚታየው የአበባ ማሰሮ ነው።

ክቡ

እዚህ ረጅም ወሬ የለም። ዲያሜትሩ 70 ሳንቲ ሜትር ነው። ከፍ ብሎ ስለሆነ ከውጭ ማንም አያይበትም፤ ጠዋት ብርሃን ያስገባል። ሚስትየው ባዶነቱ አስጠልቷት ስስ ጨርቅ ትፈልግ ነበር። የባልየው እናት ሥሩ ካለች ዱካ ላይ ቁጭ ብለው ነው የሰሙን። «ልጄ፣ ብርሃኑን አትውሰጂብኝ፤ ዳዊቴን የምደግመው እዚህ ነው» አሉኝ። ለእሳቸው ጨርቅ ይዞ መሟገት አይሆንም። ዙሪያው ብቻ የእንጨት ክፈፍ ተደረገለት።

ከአንድ ክረምት በኋላ

ቤቱን መልሼ ያየሁት ጥቅምት ላይ ነው። የሳሎኑ ዘንግ አልጎበጠም። የደረጃው ስቲከር ታችኛው ጠርዝ ላይ ጣት የሚያህል ተልጧል፤ ሲጠርጉ እየነካኩት ነው። የመኝታ ቤቱ ሦስት ማዕዘን ሻጋታ አልያዘም። ባፈነገጠው ማዕዘን በኩል ግን እንደ ክር የቀጠነ ብርሃን ይገባል፤ ፍሬሙ ሲደርቅ ትንሽ ሸሽቷል። አናጢው ዙሪያውን ስስ ስፖንጅ እንዲያለብሰው ተነግሮታል። ልጁ አሁን እስከ 1 ሰዓት ይተኛል ብለውኛል፤ ከመጋረጃው ይሁን ከዕድሜው እነሱም አላወቁም።

ከወጪው ትልቁን የወሰደው የሳሎኑ ጨርቅና ስፌት ነው። ቀጥሎ የአናጢው ሥራ ይመጣል። ከሱቁ የመጀመሪያ ዋጋ ከግማሽ በታች ሆነ። ባልየው ጥር ላይ ያቺ አርባ ደቂቃ እንደምትመለስበት ያውቃል። ከመረረው ቅስቶቹ ላይም ያንኑ ነጭ ስቲከር መለጠፍ እንደሚቻል ነግሬዋለሁ፤ ፀሐይዋን አያጠፋትም፣ ግን ከዓይን ላይ ይበትናታል። እስካሁን አልለጠፈም።